ለጉባኤ መዝሙር የሚሆን ከበሮ፦ ድሬዳዋና ሐረር ላይ የትኛው ይበጃል?

ከበሮ ሊገዛ የገባ ሰው ሱቅ ውስጥ መጀመሪያ የሚያደርገው ሰፊውን አፍ በመዳፉ መምታት ነው። ድምፁ ካስገመገመ «ይሄ ነው» ብሎ ይከፍላል። ስህተቱ የሚጀምረው እዚያው ላይ ነው። ጠባብ የንዋየ ቅድሳት መሸጫ ውስጥ ግድግዳውን የሚያንቀጠቅጥ ከበሮ ዐውደ ምሕረት ላይ ሲወጣ ሌላ ከበሮ ይሆናል፤ ወይ ቃሉን ይውጠዋል፣ ወይ ከሦስተኛው ረድፍ አያልፍም።

የጉባኤ መዝሙር የሚቀበለው ሕዝብ መጽሐፍ አልያዘም፤ ግጥሙም የትም አልተጻፈለትም። መሪው አዝማቹን አንድ ጊዜ ይለዋል፣ ሕዝቡ በጆሮው ይዞ ይመልሳል። የአዝማቹ የመጨረሻ ቃል በከበሮ ከተሸፈነ ተቀባዩ ያጉረመርማል እንጂ አይዘምርም። ስለዚህ እዚህ ከበሮውን የምንመዝነው በሁለት ጥያቄ ብቻ ነው፦ ከኋላ ነጠላቸውን አጣፍተው የቆሙት እናት ምቱን ያገኙታል ወይ? ቃሉስ ይደርሳቸዋል ወይ? ውበቱ፣ የከፋይ ጨርቁ ቀለም፣ ጥልፉ ከዚያ በኋላ የሚመጣ ነው።

ገዢ ፊት የሚቀርበው ከበሮ በአመዛኙ ሦስት ዓይነት ነው፦ ከአንድ ግንድ የተፈለፈለ፣ ከጣውላ ተገጣጥሞ በኮላ የተያያዘ፣ አካሉ ላሜራ የሆነ። ሦስቱም ላያቸው ላይ ያማረ ጨርቅ ስለሚለብሱ ከሩቅ አይለዩም። ሻጩን ጨርቁን እንዲገልጥ ጠይቁት። «ተሰፍቷል፣ አይገለጥም» ካለ ሌላ ሱቅ ሂዱ። ስንጥቅም ሚስማርም የሚደበቀው እዚያ ሥር ነው።

ከአንድ ግንድ የተፈለፈለው፣ በተለይ የዋንዛው፣ ለጉባኤ መዝሙር ከሁሉም ይበልጣል ብለን እንፈርዳለን። ዋንዛ ለመፈልፈል ይመቻል፣ ከወይራ ይቀልላል፣ ከደረቀ በኋላም እንደ ባሕር ዛፍ አይሰነጣጠቅም። ድምፁ ክብ ነው፤ ይመታል፣ ወዲያው ይሰበሰባል። ለቃሉ ቦታ የሚተወው ይህ መሰብሰቡ ነው። ነገር ግን ዋንዛ ስለሆነ ብቻ አይገዛም፤ እንጨቱ ደርቆ መሆን አለበት። እርጥብ ሆኖ የተፈለፈለ ግንድ ቀዝቃዛ አገር ላይ ደህና ይመስላል፣ ድሬዳዋ ገብቶ ጥቂት ሳምንት ሲቆይ ከአፍ እስከ አፍ ይሰነጠቃል። ያልደረቀውን በሁለት መንገድ ትለዩታላችሁ። አንደኛ፣ ከመጠኑ በላይ ይከብዳል። ሁለተኛ፣ አካሉን በጣታችሁ አንጓ ስታንኳኩት «ኮ» የሚል ጥርት ያለ ድምፅ በመስጠት ፈንታ የታፈነ ድምፅ ያወጣል። ከአካሉ ላይ እንደ ዱቄት የደቀቀ ነገር ከረገፈ ደግሞ ነቀዝ ገብቶበታል፤ በርካሽም ቢሆን አይወሰድ፤ ሌሎቹን ንዋያት ይበክላል።

መጠኑን በተመለከተ፣ ቆሞ አንገቱ ላይ አንግቶ ለሚመታ ሰው ርዝመቱ ከ60 እስከ 75 ሴንቲ ሜትር፣ የሰፊው አፍ ስፋት ከ35 እስከ 45 ሴንቲ ሜትር ያለው ይበቃል። ከዚያ የበለጠው መሬት ላይ ተቀምጦ ለሚመታበት ማኅሌት ያምራል እንጂ፣ ከተራ ዕለት ታቦቱን አጅቦ እስከ ባሕረ ጥምቀቱ ለሚሄድ ወጣት ሸክም ነው። ከ8 ኪሎ በላይ የሆነ ከበሮ ግማሽ መንገድ ላይ ምቱን ያዘገያል። ጥፋቱ የመቺው አይደለም፤ ትከሻው ስለዛለ ነው። ማንገቻው ቢያንስ አራት ጣት የሚሰፋ ይሁን፤ ቀጭን ገመድ አንገት ይቆርጣል።

አሁን ወደ ቆዳው እንግባ። ድሬዳዋ ላይ የከበሮ ነገር አብዛኛው እዚህ ያልቃል። ድሬዳዋ ከባሕር ወለል በላይ 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ያለች ሞቃትና ደረቅ ከተማ ናት። ሐረር በመንገድ 55 ኪሎ ሜትር ገደማ ብትርቅም ከፍታዋ 1,900 ሜትር ገደማ ስለሆነ አየሯ ለስለስ ይላል፤ በክረምትም እርጥበት አላት። ቆዳ ደግሞ ከአየሩ ጋር ይተነፍሳል። ሲደርቅ ይኮማተርና ይከርራል፣ ድምፁ ይቀጥናል። እርጥበት ሲያገኝ ይላላል፣ ድምፁ ይሞታል። ደጋ ላይ በክረምት እስከ ጥግ ተወጥሮ የተሠራ ከበሮ በሐረርና በድሬዳዋ መካከል ያለውን የደንገጎን ቁልቁለት ወርዶ ድሬዳዋ ሲገባ ያው ቆዳ የበለጠ ይከርራል። መጀመሪያ ድምፁ እንደ ቆርቆሮ ይሆናል፣ ቀጥሎ በጠፍሩ (ሁለቱን አፎች በሚወጥረው የቆዳ ማሰሪያ) ቀዳዳዎች ዙሪያ እንደ ፀጉር የቀጠነ ነጭ መስመር ይታያል። ያ መስመር መቀደድ የጀመረ ቆዳ ነው። ሰው ግን ከሩቅ ሲያየው የአቧራ ምልክት ይመስለዋል። በአንድ ጠንካራ የበዓል ምት ከዚያው ይተረተራል።

ስለዚህ ለድሬዳዋ ከበሮ ከደጋ አገር የሚያስመጣ ሰው ሱቅ ውስጥ ትንሽ ላላ ያለውን ይምረጥ። የሰፊውን አፍ መሐል በአውራ ጣት ሲጫኑት በጣም ጥቂት ጎድጎድ ብሎ ወዲያው የሚመለስ ከሆነ ልክ ነው። እንደ ጣውላ ደርቆ ጣት የማይቀበል ከሆነ ቆላ ላይ ዕድሜው አጭር ነው። ለሐረር ግን ፍርዱ ይገለበጣል፤ እዚያ ጠበቅ ያለውን መውሰድ ይሻላል፣ ክረምቱ ራሱ ያላላዋል።

ቆዳው የበሬ ይሁን። የፍየል ቆዳ ለጠባቡ አፍ ያገለግላል፣ ጥርት ያለ ቀጭን ድምፅ ይሰጣል። በሰፊው አፍ ላይ ሲሆን ግን ስስ ስለሆነ ይጮኻል እንጂ አያርፍም። የከብቱ የአከርካሪ መስመር ቆዳው ላይ ጠቆር ብሎ ይታያል። ይህ መስመር በአፉ መሐል ካለፈ ግራና ቀኙ እኩል ውፍረት አለው ማለት ነው። መስመሩ ወደ ዳር ከሸሸ ግማሹ የጀርባ፣ ግማሹ የሆድ ቆዳ ነው። የሆዱ ወገን ቶሎ ይለጠጣል፣ ከበሮውም ባንድ በኩል ይላላል። ይህን በጆሮ ለማረጋገጥ ከዳሩ አራት ጣት ያህል ገባ ብላችሁ አራት ቦታ ላይ ቀስ አድርጋችሁ ምቱ። አራቱም አንድ ድምፅ ካላወጡ አትግዙት፤ ቆይቶ ይስተካከላል የሚባለው እውነት አይደለም።

አንዳንድ ሱቅ ቆዳው እንዲያብረቀርቅ ቫርኒሽ ይቀቡታል። ቫርኒሽ የተቀባ ቆዳ መተንፈስ ያቆማል። በሙቀት ላዩ ይሰነጣጠቅና ይላጣል፣ ድምፁም ደረቅ ይሆናል። ተዉት።

አያያዙ በጠፍር ነው ወይስ በሚስማር? ይህ ትልቅ ጥያቄ ነው። ሊቃውንቱ ሰፊውን አፍ በመለኮት፣ ጠባቡን በትስብእት (ሰው በመሆኑ)፣ ጠፍሩን በጌታ ጀርባ ላይ በታየው የግርፋት ሰንበር፣ የሚለብሰውን ጨርቅ ባለበሱት ቀይ ልብስ፣ ማንገቻውን በታሰረበት ገመድ ያመሰጥሩታል። በሚስማር የተመታ ከበሮ ላይ ጠፍሩ ከናካቴው የለም፣ ወይም ለጌጥ ብቻ ከላይ ተጠምጥሟል። በአገልግሎትም ሚስማሩ ይጎዳል። የላላ ቆዳ በጠፍር ከሆነ ጠፍሩን እየሳቡ ያጠብቁታል። በሚስማር ከሆነ ማጥበቂያ የለውም፤ በዚያ ላይ ቆዳው ሲከርር እያንዳንዱ ሚስማር ላይ ይቀደዳል። ጠፍሩን ስታዩ ከአፍ ወደ አፍ የሚሄደው መስመር እኩል ርቀት ይኑረው፤ አንዱ ጋ ሦስት ጣት፣ ሌላው ጋ ስድስት ጣት ከሆነ ውጥረቱም እንደዚያው የተዛባ ነው።

ከጣውላ ተገጣጥሞ የተሠራው ዓይንን ይስባል፤ ክቡ የተስተካከለ፣ ክብደቱም ቀላል ነው። ሐረር ላይ በአግባቡ ከተያዘ ረጅም ጊዜ ሊያገለግል ይችላል። ለድሬዳዋ ግን አንመክረውም። ደረቁ ሙቀት ጣውላውን ሲያሳንሰው ኮላው ይለቃል፣ መጋጠሚያው ይከፈታል። ስንጥቁ በዓይን ባይታይም ሰፊው አፍ በተመታ ቁጥር «ዝዝዝ» የሚል ድምፅ ይከተላል። ይህ ድምፅ በማይክ ሲገባ መዝሙሩን በሙሉ ያበላሻል። መጋጠሚያው ላይ ኮላ መሙላት ጊዜያዊ ነው። የላላውን አካል በብረት ቀለበት ማሰር የተሻለ ነው፤ ያኔም ቢሆን ድምፁ እንደ ድሮው አይሆንም።

የላሜራውን ብዙ ሰው ይንቀዋል፤ ያለ ቦታው እየገባ ነው እንጂ ሙሉ በሙሉ መናቅ ትክክል አይመስለንም። አይሰነጠቅም፣ አይነቅዝም፣ ቀላል ነው። ለሕፃናት ክፍል ልምምድና ለጀማሪ መቺዎች ጥሩ ነው። ጉድለቱ ብረቱ ራሱ መጮኹ ነው። ከምቱ በኋላ የሚቀረው ጩኸት በቃሉ ላይ ያርፍና «ሰ» ን ከ«ሸ»፣ «ተ» ን ከ«ጠ» መለየት ያስቸግራል። አጋማሽ ቀን ላይ ፀሐይ ውስጥ ከቆየ ደግሞ አካሉ እጅ አያስነካም። የፕላስቲክ ቆዳ የተገጠመለት ከሆነ አየሩ ቢለዋወጥ ድምፁ አይቀየርም፤ ይህ እውነተኛ ጥቅም ነው። ግን ድምፁ ጠጣርና ሹል ስለሆነ የንስሐ መዝሙር አይሸከምም።

የተቀደደ ቆዳ የሚያስለውጥ ሰው ለሠሪው አንዳንድ ነገር አስቀድሞ መንገር አለበት። በጨው የተያዘ ቆዳ ከሆነ ጨው ውኃ ከአየር ስለሚስብ፣ ደጋግሞ ካልታጠበ ከበሮው ደመና ባለበት ቀን ሁሉ ይላላል። ወፍራም የበሬ ቆዳ ንጹሕ ውኃ ውስጥ ከ1 እስከ 2 ቀን ይዘፈዘፋል፣ ፀጉሩ ይፋቃል፣ ከዚያ እርጥብ እንዳለ ተወጥሮ በጠፍር ይታሰራል። ማድረቂያው ጥላ ነው። ፀሐይ ላይ ከተሰጣ ዳሩ ከመሐሉ ቀድሞ ይደርቅና ይሰነጠቃል። ድሬዳዋ ላይ ጥላው ራሱ ስለሚያቃጥል በመጀመሪያዎቹ 2 ቀናት ዳር ዳሩን በማይንጠባጠብ እርጥብ ጨርቅ መሸፈን ያስፈልጋል። ለማድረቅ ከ5 እስከ 7 ቀን፣ ሐረር በክረምት ከሆነ እስከ 10 ቀን ይፈጃል። ሙሉ በሙሉ ሳይደርቅ «እስቲ ድምፁን እንስማ» ብሎ መምታት የተለመደ ጥፋት ነው፤ እርጥብ ቆዳ ሲመታ መሐሉ ይለጠጥና እንደ ሰሐን ጎድጉዶ ይቀራል። «በሁለት ቀን አደርሳለሁ» የሚል ሠሪ ሲገጥማችሁ ይህን አስቡ።

ቅባት መቀባትን በተመለከተ፣ የደረቀ ቆዳ ለማለስለስ ቅቤ የሚቀቡ አሉ። ከጠጣው በኋላ ቆዳው ይከብዳል፣ ድምፁ ይታፈናል፣ ሽታውም አይጥ ይጠራል። አይጥ ደግሞ ከሁሉ በፊት የሚበላው ጠፍሩን ነው። መቺው ቀለበትና የእጅ ሰዓት ማውለቁ ከየትኛውም ቅባት የበለጠ የቆዳ ዕድሜ ያረዝማል።

ጥሩ ከበሮም ቢሆን አቀማመጡ ካልታወቀበት ይባክናል። ድምፅ በአንድ ሰከንድ 340 ሜትር ገደማ ይጓዛል፤ ስለዚህ ከከበሮው 100 ሜትር ርቆ የሚሄድ ሰው ምቱን የሚሰማው ከሰከንድ ሢሶ ያህል ዘግይቶ ነው። ጥምቀት ላይ ሰልፉ ሲረዝም ከበሮው ፊት ለፊት ብቻ ከሆነ የኋላው ጭብጨባ ከፊተኛው ጋር የሚጋጨው በዚህ ምክንያት ነው፤ ሕዝቡ ምት ስለማያውቅ አይደለም። መፍትሔው ከበሮውን ሰልፉ መሐል ማድረግ ነው። ሁለት ከበሮ ካለ ጎን ለጎን ይሁኑ፤ አንዱን ፊት፣ አንዱን ኋላ ማድረግ ነገሩን ያባብሰዋል።

ግቢ ውስጥ ሞንታርቦ ሲኖር አብዛኛው ሰው ማይኩን ሰፊው አፍ ላይ ይደቅናል። አይሁን። የሰፊው አፍ ድምፅ ወፍራም ስለሆነ በሞንታርቦው ሲወጣ ያጓራል፣ ከባጃጁ ጩኸት ጋር ተደምሮ ቃሉን ያፍነዋል። ማይኩን ከጠባቡ አፍ 50 ሴንቲ ሜትር ያህል አርቃችሁ ጎን አድርጉት፤ በሚክሰሩ ላይ የዚያን መስመር ባስ ዝቅ አድርጉ። የምቱ ጠርዝ ይሰማል፣ የሰፊው አፍ ድምፅ ደግሞ በራሱ ይደርሳል። ከ200 የማይበልጥ ሕዝብ ከሆነ ከበሮው ማይክ አያስፈልገውም፤ ማይኩ ለመሪው ብቻ ይበቃል።

ፍጥነቱም ከበሮውን ያስመሰግናል ወይም ያስወቅሳል። የንስሐ መዝሙር በደቂቃ ከ55 እስከ 65 የሰፊው አፍ ምት ቢሆን ሕዝቡ ቃሉን እያሰበ ይቀበላል። የበዓል መዝሙር ከ80 ተነስቶ ቀስ በቀስ ይሞቃል። ከ110 ሲያልፍ ግን እናቶች ትንፋሽ ያጥራቸዋል፣ አዝማቹን ትተው በእልልታ ብቻ ይሸኙታል። እልልታው ስለደመቀ መዝሙሩ የሰመረ ይመስላል፤ መቀበሉ ግን ቆሟል። በልምምድ ጊዜ ስልክ ላይ ያለ ሜትሮኖም (ምት ቆጣሪ) መጠቀም ነውር የለውም። አንድ ወር ብትለማመዱበት መቺው ሳያስበው ልኩን ይይዛል። ማኅሌቱ የራሱ ሥርዓት አለው፤ ከዝማሜ ወደ መረግድ፣ ከመረግድ ወደ ጽፋት የሚሄድበትን ደረጃ ከመሪጌታ መማር እንጂ በሜትሮኖም የሚገኝ አይደለም።

ታኅሣሥ 18 ማታ ከድሬዳዋ ወደ ቁልቢ ከበሮ ይዞ ለሚሄድ፦ ቁልቢ ሌሊቱ ይበርዳል፣ ጤዛም አለ። ቆላ ላይ ልክ የነበረው ቆዳ ከእኩለ ሌሊት በኋላ ይላላል። በብርድ ልብስ ተጠቅልሎ ይሂድ፣ መሬት ላይ በቀጥታ አይቀመጥ። ከላላ እሳት ዳር ከአንድ ክንድ ተኩል ባላነሰ ርቀት እያዟዟሩ ለጥቂት ደቂቃ ማሞቅ ይበቃል፤ እጃችሁን ቆዳው ላይ አድርጉ፣ እጅ የማይችለውን ሙቀት ቆዳውም አይችለውም።

ቁልቢ ላይ ብርዱ ያላላዋል እንጂ አይቀድደውም። ብዙ ከበሮ የሚሞተው በዐቢይ ጾም ነው። ከዘወረደ ጀምሮ ከበሮና ጸናጽል ስለሚቆሙ፣ ከበሮው 55 ቀን ዕቃ ቤት ይቀመጣል። የድሬዳዋ ዕቃ ቤት ጣሪያው ቆርቆሮ ከሆነ በእነዚያ የሞቃት ወራት ውስጡ ምድጃ ነው። ማንም ሳይነካው ቆዳው ይከርራል፣ ይከርራል፣ ከዚያም በትንሣኤ ሌሊት በመጀመሪያው ምት ይፈነዳል። ጾሙ ሲገባ ጠፍሩን ትንሽ አላሉት፣ ከበሮውን ከጣሪያው አርቃችሁ በወፍራም ጨርቅ ጠቅልላችሁ ከወለሉ ከፍ ባለ ጣውላ ላይ አስቀምጡት፣ አጠገቡ ውኃ የተሞላ ክፍት ሳፋ አድርጉ። ከዚያ በኒቆዲሞስ እሑድ አውጡትና የጠፍሩን ቀዳዳዎች አንድ በአንድ እዩ። ፋሲካ ሁለት ሳምንት ስለሚቀረው፣ ነጩ መስመር ከታየ ቆዳውን አስለውጦ ለማድረቅ ጊዜ አለ። በሰሙነ ሕማማት ካወጣችሁት ግን የለም።